ልባችን የማን ዳኛ ነው?



ከጁሙዓ ሶላት በኋላ በመስጊድ በር ላይ ቆም ብሎ የሚወራውን ላዳመጠ ሰው አንዲት አባባል ደጋግማ ጆሮው ውስጥ ትገባለች። «እኔ እንጃ፣ ብቻ ልቤ አልወደደውም» የምትለው ናት። ስለ አዲስ ኢማም ትባላለች፤ እህታችንን ለኒካህ ስለ ጠየቀ ወጣት ትባላለች፤ ከዐረብ አገር ስለተመለሰች ጎረቤት ትባላለች፤ በአንድ ዓመት ውስጥ ሁለተኛ ሱቅ ስለከፈተ ነጋዴም ትባላለች። ተናጋሪው «ምን አይተህ ነው?» ተብሎ ቢጠየቅ ብዙውን ጊዜ የሚያቀርበው ማስረጃ የለውም። ይሁን እንጂ አያፍርም። እንዲያውም ትንሽ ዲን የቀራ ከሆነ፣ ነብዩ (ሰ.ዐ.ወ) ሰው ልቡን እንዲጠይቅ አዘው የለም ወይ ሲል ይከራከራል።

በዛሬው ጽሑፌ ማየት የፈለግኩት ይህንን ነው። እኛ ሰዎች ኸይርና ሸርን የምናውቀው በምንድን ነው? ያወቅነውንስ በማን ላይ ነው የምንፈርድበት? ወደ ርዕሱ የምገባው እንደ ዓሊም አይደለም፤ ዓሊም አይደለሁምና። የምገባው በዚህ ጉዳይ እንደተሳሳተ አንድ ጋዜጠኛ ነው።

ስሕተቱን ላስቀድም። ከጥቂት ዓመታት በፊት በምኖርበት ሰፈር የሚገኘው መስጊድ ምንጣፉ ስላረጀ ጀመዓው አዲስ ለመግዛት መዋጮ አሰባሰበ። ገንዘቡ በአንድ በዕድሜ የገፉ የቅመማ ቅመም ነጋዴ እጅ ተቀመጠ፤ የመስጊዱ ገንዘብ ያዥ እርሳቸው ነበሩና። የረጀብ ወር አለፈ፣ ሻዕባን ገባ፣ ምንጣፉ ግን የለም። ሲጠየቁ «ኢንሻአላህ ይመጣል» ከማለት ሌላ የሚጨምሩት ነገር አልነበረም። በዚያው ሰሞን የሱቃቸው አሮጌ ቆርቆሮ ተነሥቶ በአዲስ ተተካ። ቆርቆሮውን ሰፈሩ ሁሉ አየው። እኔም አየሁት። ልቤም ነገረኝ።

እኔ ደግሞ ብዕር የያዝኩ ሰው ነኝ። በምሠራበት ጋዜጣ ላይ ስለ አማና አንድ አጭር ጽሑፍ አወጣሁ። የሰው ስም አልጠራሁም፤ መስጊዱንም አልጠቀስኩም። ነገር ግን የአላህን ቤት ምንጣፍ የሱቅ ጣሪያ ስለሚያደርጉ ሰዎች የሚናገር አንድ ዓረፍተ ነገር ነበረበት። በሰፈራችን ውስጥ ያንን አንብቦ የማን ጣሪያ እንደሆነ ያልገባው ሰው አልነበረም። ጽሑፉ በወጣ በሳምንቱ ሽማግሌው የሣጥኑን ቁልፍና ደብተራቸውን ለኮሚቴው አስረክበው ሄዱ። ከዚያ ወዲያ በዚያ መስጊድ አልሰገዱም።

ደብተሩ ሲመረመር ገንዘቡ አልተበላም። የኩላሊት እጥበት ለሚደረግለት አንድ የሰፈሩ አባወራ፣ ሁለት ምስክሮች ባሉበት፣ በወረቀት ተፈርሞ በብድር ተሰጥቷል። የመመለሻው ቀን አልፎ ቆየ እንጂ በኋላ ሙሉ በሙሉ ተመልሷል። ቆርቆሮውን የገዛላቸው ውጭ አገር የሚኖር ልጃቸው ነው። ታዲያ ሽማግሌው ምንም ጥፋት የለባቸውም ማለት ነውን? ኢማማችን ይህ ጥያቄ ሲቀርብላቸው የለም አሉ። ሰው ለምንጣፍ ብሎ የሰጠውን ገንዘብ፣ ሰጪዎቹ ሳይፈቅዱ፣ ለሌላ ጉዳይ ማዋል ጉዳዩ የቱንም ያህል መልካም ቢሆን አማናን ማጓደል ነው። ሽማግሌው ይህንን ሳያውቁ ቀርተው አይደለም፤ ዝም ያሉት የታማሚው ችግር በአደባባይ እንዳይወራ ብለው ነው። እንግዲህ ልቤ አንድ ያልተስተካከለ ነገር አለ ብሎ ሲነግረኝ አልዋሸኝም። ያልተስተካከለውን ነገር «ሌብነት» ብዬ ስም ያወጣሁለት ግን እኔ ነኝ።

የሐበሻው ንጉሥ የሰማው

ኸይርና ሸር በአእምሮ ይታወቃሉ ወይስ በወህይ ብቻ? የሚለው ጥያቄ በዑለማኦቻችን ዘንድ ረጅም ክርክር የተካሄደበት ነው። በባስራ ከተማ ከዋሲል ኢብን ዐጧእ ጀምሮ የተነሡት ሙዕተዚላዎች፣ አእምሮ የፍትሕን መልካምነትና የበደልን መጥፎነት ወህይ ከመምጣቱ በፊት ይገነዘባል፤ ወህይ ያንን ያጸናል፣ ዝርዝሩንም ያስተምራል አሉ። መጀመሪያ ከእነርሱ ጋር የነበሩትና በኋላ የተለዩዋቸው አቡል ሐሰን አል-አሽዐሪ፣ እንዲሁም የእርሳቸው ተከታዮች፣ ምንዳና ቅጣት የሚያስከትለው መልካምና ክፉ የሚታወቀው በሸሪዓ ብቻ ነው አሉ። በ333 ዓመተ ሂጅራ በሰመርቀንድ የሞቱት አቡ መንሱር አል-ማቱሪዲ አእምሮ ብዙውን መልካምና ክፉ ማወቅ ይችላል ወደሚለው አዘነበሉ። ኢብን ተይሚያ ደግሞ የድርጊቶች መልካምነትና ክፋት በአእምሮና በፊጥራ ይታወቃል፣ ይሁን እንጂ መልእክተኛ ሳይላክ ቅጣት የለም በማለት ሁለቱን ጫፎች ለማቀራረብ ሞከሩ። የዚህን ክርክር ጥልቀት በአንድ የጋዜጣ ገጽ ላይ ማድረስ አይቻልም፤ እኔም አልሞክረውም።

ለእኛ ጉዳይ የሚጠቅመን ግን አንድ ነገር አለ። ቁርአን መልካሙን ሥራ «መዕሩፍ»፣ መጥፎውን «ሙንከር» ይለዋል። መዕሩፍ በዐረብኛ የታወቀ ማለት ነው። ሙንከር ደግሞ ልብ የሚነውረው፣ እንግዳ ሆኖ የሚታየው ነው። ቃሉ ራሱ የሚያስታውሰን ነብያት የመጡት ሰው ፈጽሞ ሰምቶት የማያውቀውን ነገር ይዘው ብቻ እንዳልሆነ ነው። በሱረቱ አሽ-ሸምስ ውስጥም አላህ (ሱ.ወ) በነፍስ ከማለላት በኋላ አመጿንና ጥንቃቄዋን እንዳሳወቃት ተነግሮናል።

ለዚህ ከአገራችን ታሪክ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም። እ.ኤ.አ. በ615 የመጀመሪያዎቹ ሙስሊሞች ወደ ሐበሻ ተሰደዱ። ቁረይሾች እነርሱን የሚያስመልሱ ሁለት መልእክተኞች ላኩ፤ አንደኛው በብልሃቱ የታወቀው ዐምር ኢብኑል ዓስ ነበር። ሰዎቹ ባዶ እጃቸውን አልመጡም። በሐበሻ ይወደድ የነበረውን ቆዳ ተሸክመው መጥተው፣ ንጉሡ ዘንድ ከመቅረባቸው በፊት ለእያንዳንዱ የቤተ መንግሥት ሹም አከፋፈሉ። ልመናቸውም አንድ ነበር፤ ንጉሡ ስደተኞቹን ሳያነጋግር አሳልፎ እንዲሰጣቸው። ሹማምንቱ በጉባኤው ላይ ይህንኑ ደገፉ፤ ሰዎቹን ይበልጥ የሚያውቋቸው የገዛ ወገኖቻቸው ናቸውና ይውሰዷቸው አሉ። ምእመናን እናት ኡሙ ሰለማ (ረ.ዐ) በዚያ ከነበሩት አንዷ ናቸው፤ በእርሳቸው ዘገባ መሠረት ነጃሺ በዚህ ተቆጣ። በአገሩ የተጠጉትን ሰዎች ጠርቶ ከአፋቸው ሳይሰማ እንደማይሰጥ ተናገረ።

ከዚያ ጀዕፈር ኢብን አቢ ጣሊብ (ረ.ዐ) ቆሙ። ንግግራቸውን ብዙዎቻችን እናውቀዋለን። ጣዖት እናመልክ፣ በክት እንበላ፣ ዝምድና እንቆርጥ፣ ጎረቤት እንበድል ነበር፤ ከእኛ ኃይለኛው ደካማውን ይበላ ነበር አሉ። ከዚያም እውነተኛነቱንና ታማኝነቱን የሚያውቁት መልእክተኛ መጥቶ አንድ አላህን እንዲያመልኩ፣ እውነት እንዲናገሩ፣ አማና እንዲመልሱ፣ ዝምድና እንዲቀጥሉ እንዳዘዛቸው፤ የየቲምን ገንዘብ ከመብላትና ጨዋ ሴቶችን በዝሙት ከመወንጀል እንደከለከላቸው አስረዱ። ልብ እንበል። ነጃሺ በዚያች ሰዓት ዐረብ አይደለም፣ የቁረይሽን ጠብ አያውቅም፣ በክርስትና ሃይማኖት ያደገ ሰው ነው። ነገር ግን የቲምን መብላት ምን እንደሆነ ማንም እንዲተረጉምለት አላስፈለገውም። ከሱረቱ መርየም ሲነበብለት አለቀሰ፤ የቁረይሽ መልእክተኞች ስጦታም ተመለሰ።

ከዚህ ታሪክ ሁልጊዜ የሚነገረን የነጃሺ ደግነት ነው። ደግነቱ የማይካድ ነው። እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ግን የሥራው ቅደም ተከተል ነው። ሹማምንቱም ኸይርና ሸርን የሚያውቁ ሰዎች ነበሩ፤ ጀዕፈር ሲናገሩ እነርሱም እዚያው ነበሩ፤ ቁርአኑ ሲነበብ ጳጳሳቱ ከንጉሡ ጋር አለቀሱ። ልዩነቱ ምንድን ነው? እነርሱ ስጦታውን ይዘው፣ አንድ ወገን ሰምተው ፈረዱ። እርሱ ጠራና ጠየቀ።

እባብ ያየ በልጥ በረየ

ኸይርና ሸርን የምናውቅ ከሆነ ስሕተቱ ታዲያ ከየት ይመጣል? በ505 ዓመተ ሂጅራ (እ.ኤ.አ. 1111) የሞቱት ኢማም አቡ ሐሚድ አል-ገዛሊ (ረሒመሁላህ) «አል-ሙስተስፋ» በተባለው የኡሱል ኪታባቸው ውስጥ ሰዎች መልካምና ክፉ ብለው ሲፈርዱ የሚንሸራተቱባቸውን ቦታዎች ዘርዝረዋል። ኢማሙ ያነሡት ለአሽዐሪያዎች አቋም መከራከሪያ አድርገው ነው። አንባቢ በዚያ አቋም ባይስማማ እንኳ ስለ ሰው ባሕርይ የጻፉት ከዘጠኝ መቶ ዓመት በኋላ ትናንት የተጻፈ ይመስላል።

የመጀመሪያው፣ ሰው ከፍላጎቱ ጋር የተጋጨውን ነገር ሁሉ ክፉ ማለቱ ነው። የሌላው ሰው ፍላጎት አይታየውም፤ ስለዚህ «ይህ ነገር ለእኔ አይመችም» ማለት ሲገባው «ይህ ነገር ክፉ ነው» ይላል። የአንድ ንጉሥ መገደል ለወዳጆቹ ክፉ፣ ለጠላቶቹ መልካም ሆኖ ይታያል። እኛ ዘንድ ንጉሥ የለም እንጂ የረመዳን ገበያ አለ። የቴምር ዋጋ ሲጨምር ገዢው ነጋዴውን «አላህን የማይፈራ» ይለዋል። ያው ገዢ በሌላ ቀን የራሱን ቤት ኪራይ ሲጨምር «ኑሮው ነው» ይላል። በሱረቱል በቀራህ 216ኛው አንቀጽ የምንጠላው ነገር መልካም፣ የምንወደውም ነገር መጥፎ ሊሆንልን እንደሚችል የተነገረን ለዚህ ሳይሆን አይቀርም፤ መውደድና መጥላታችን ሚዛን አይደለም።

ሁለተኛው፣ አብዛኛውን ጊዜ ክፉ የሆነውን ነገር ምንጊዜም ክፉ ነው ብሎ መደምደም ነው። ውሸትን ከልጅነታችን ጀምሮ ክፉ መሆኑን እየሰማን ስላደግን፣ ንጹሕን ሰው ከገዳይ ለመደበቅ የሚነገረውን ለይተን ማየት ያቅተናል። ይህንን አልፈዋለሁ። ምክንያቱም በከተማችን የማየው ችግር ከዚህ ተቃራኒው ነው፤ ለውሸቱ ሁሉ ለየት ያለ ምክንያት የማያጣ ሰው በዝቷል።

ሦስተኛው ግን ልብን ይነካል። ሰው አንድን ክፉ ነገር ከሌላ ነገር ጋር ተያይዞ ካየው፣ ያ ሌላው ነገር ለብቻው ሲመጣም ይሸሸዋል። ኢማሙ የሰጡት ምሳሌ በእባብ የተነደፈ ሰው ዥንጉርጉር ገመድ ሲያይ እንደሚደነግጥ ነው። የእኛ አያቶች አል-ሙስተስፋን ሳያገላብጡ እባብ ያየ በልጥ በረየ ብለዋል። የነደፈው እባብ እውነት ነው፤ ሕመሙም እውነት ነው። ልጡ ግን እባብ አይደለም።

ወደ ሽማግሌው ጉዳይ ልመለስና ራሴን በዚህ ልመርምር። አባቴ እኔ ልጅ ሳለሁ ከአንድ ሸሪካቸው ጋር ይነግዱ ነበር። ሸሪካቸው በዕድሜ የገፋ፣ ጺሙ የረዘመ፣ ስለ ገንዘብ በተጠየቀ ቁጥር «ኢንሻአላህ» የሚል ሰው ነበር፤ በመጨረሻም ካፒታሉን ይዞ ጠፋ። እናቴ በዚያ ዓመት ወርቋን እንዴት እንደሸጠች አስታውሳለሁ። እንግዲህ ከሃያ ዓመት በኋላ አንድ ጺማም ሽማግሌ ስለ ገንዘብ ተጠይቀው «ኢንሻአላህ ይመጣል» ሲሉ የበረየው ማን ነው? ጋዜጠኛው አይደለም፤ ያ ልጅ ነው። በዚህ ላይ የመጀመሪያው ስሕተትም ተጨምሮበታል። ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት ለመድረሳ ማስፋፊያ እርዳታ ስናሰባስብ እርሳቸው ሱቅ ገብቼ ባዶ እጄን ተመልሻለሁ። «ልቤ አልወደዳቸውም» ማለቴ ትክክል ነበር። ለምን እንዳልወደዳቸው ግን አልጠየቅኩትም።

ኢማም አል-ገዛሊ ሌላም አስገራሚ ምሳሌ አላቸው። ለአንድ ተራ ሙዕተዚላ ግልጽ የሆነ ሐሳብ ብትነግረው ወዲያው ይቀበላል፤ ይህ የአሽዐሪ አቋም ነው ብትለው ግን ቅድም የተቀበለውን መልሶ ይጥላል ይላሉ። የገዛ ወገናቸው የሆነውን ተራ አሽዐሪም ከዚህ አላወጡትም። ይህንን ሳነብ የሣቅኩት በሣቅ አልነበረም። በአንድ የወጣቶች ስብስብ ላይ ስለ ወላጆች ሐቅ የተጻፈ ግሩም ገለጻ ተነብቦ ሁሉም «ማሻአላህ» ሲል ሰምቻለሁ። አንዱ የጸሐፊው ማንነት ምን እንደሆነ ጠየቀ። ስሙ ሲነገር ግማሹ ፊቱን አጠቆረ፤ «እርሱማ የእነዚያ ነው» ተባለ። ሱፊ፣ ወሃቢያ፣ አሕባሽ የሚሉት ስሞች ዥንጉርጉር ገመዶቻችን ሆነዋል። በእርግጥ በመካከላችን መነጋገር የሚያስፈልገው እውነተኛ የዐቂዳ ልዩነት አለ፤ የለም አልልም። ነገር ግን የወላጅ ሐቅ ከየትኛው ወገን አፍ ሲወጣ ነው ሸር የሚሆነው?

ሚዛኑ የተሰጠው ለማን ነው?

አሁን ልብህን ጠይቅ ወደሚለው ሐዲስ እንምጣ። ዋቢሷ ኢብን መዕበድ (ረ.ዐ) ወደ ነብዩ (ሰ.ዐ.ወ) የመጡት ስለ መልካም ሥራና ስለ ኃጢአት ሊጠይቁ ነበር። የተሰጣቸው መልስ ልባቸውን እንዲጠይቁ ነው፤ መልካም ነፍስ የረጋችበት፣ ኃጢአት ደግሞ በደረት ውስጥ የሚያመነታው ነው፤ ሰዎች ደጋግመው ፈትዋ ቢሰጡም እንኳ። ሙስሊም በዘገቡት የነዋስ ኢብን ሰምዓን (ረ.ዐ) ሐዲስ ላይ አንድ ነገር ተጨምሯል፤ ኃጢአት በደረትህ ውስጥ የተመላለሰና ሰዎች እንዳያውቁብህ የምትጠላው ነው።

እዚህ ላይ አንድ ጊዜ ቆም እንበል። ሰዎች እንዳያውቁብህ የምትጠላው! ይህ ስለ ማን ሥራ የተነገረ ነው? ስለ ጎረቤቴ ሥራ ነውን? ጎረቤቴ ሰዎች እንዳያውቁበት የሚጠላውን እኔ በምን አውቃለሁ? ዋቢሷ የጠየቁት ስለ ራሳቸው ሥራ ነው፤ ልባቸውን እንዲጠይቁ የተነገራቸውም ስለ ራሳቸው ሥራ ነው። ልብ ለባለቤቱ የተሰጠ ዳኛ ነው።

እኛ ግን ምን አደረግን? ገለበጥነው። ስለ ራሳችን ሥራ ሲሆን ልባችንን አንጠይቅም፤ ፈትዋ እንፈልጋለን። ስለ ባንክ ወለዱ፣ ስለ ቀረጡ፣ ስለ ውርሱ፣ አንዱ ሸይኽ ካልፈቀዱልን ወደ ሌላው እንሄዳለን፤ ከከተማው ካጣን በስልካችን ካይሮና መዲና ድረስ እንፈልጋለን፤ የሚፈቅድ አንድ እስክናገኝ። ስለ ሌላው ሰው ሥራ ሲሆን ደግሞ ማስረጃም፣ ምስክርም፣ ዓሊምም አያስፈልገንም፤ ልባችን ይበቃል። ግማሽ ደቂቃ የማይሞላ ቪዲዮ በቴሌግራም ሲደርሰን ሰውየው ማን እንደሆነ፣ ከዚያ በፊት ምን እንደተባለ ሳናውቅ እንፈርዳለን፤ ፈርደንም ለሌሎች እናስተላልፋለን። እኔ ቆርቆሮ አይቼ ጋዜጣ ላይ እንደጻፍኩት ማለት ነው።

በሱረቱ አን-ኑር ከ11ኛው አንቀጽ ጀምሮ የተወሳው የኢፍክ ክስተት ለዚህ ትልቁ ትምህርታችን ነው። ከበኒ ሙስጠሊቅ ዘመቻ መልስ ምእመናን እናት ዓኢሻ (ረ.ዐ) የጠፋ ሐብላቸውን ሲፈልጉ ከሠራዊቱ ኋላ ቀሩ፤ ሶፍዋን ኢብኑል ሙዐጦል (ረ.ዐ) ከኋላ ሲመጡ አግኝተዋቸው ግመላቸው ላይ አስቀምጠው፣ እርሳቸው እየመሩ አመጧቸው። ሰዎች ያዩት ነገር ሐሰት አይደለም። ሴት ከወንድ ጋር ለብቻቸው መጥተዋል፤ ይህ በዓይን የታየ ነው። ሐሰቱ በታየው ላይ የተለጠፈው ስም ነው። መዲና ለአንድ ወር ያህል በዚያ ስም ታመመች፤ ከሶሐቦች መካከል እንኳ ወሬውን የተቀባበሉ ነበሩ።

በዚያ ወር ውስጥ ሁለት ሰዎች እኔን ይገርሙኛል። አንደኛው አቡ አዩብ አል-አንሷሪ (ረ.ዐ) ናቸው። ባለቤታቸው ወሬውን ሰምተው እንደሆነ ሲጠይቋቸው፣ መልሰው የጠየቁት አንቺ ይህንን ታደርጊዋለሽን? ብለው ነው። አላደርገውም አሏቸው። እንኪያስ ዓኢሻ ካንቺ ይበልጣሉ አሏቸው። ልባቸውን ጠየቁ፣ ግን የጠየቁት ስለ ራሳቸው ቤት ነው።

ሁለተኛዋ ዘይነብ ቢንት ጀሕሽ (ረ.ዐ) ናቸው። ዘይነብ የዓኢሻ ጣውንት ናቸው። ከነብዩ (ሰ.ዐ.ወ) ባለቤቶች መካከል በደረጃ ሊፎካከሯቸው የሚችሉት እርሳቸው እንደነበሩ የተናገሩት ራሳቸው ዓኢሻ ናቸው። የፍላጎት መጋጨት ይሏል ይህ ነው! ስለ ዓኢሻ ሲጠየቁ አንዲት ቃል ቢያመነቱ ይበቃ ነበር። እርሳቸው ግን ጆሯቸውንና ዓይናቸውን እንደሚጠብቁ፣ ከመልካም በቀር እንደማያውቁ ተናገሩ። እህታቸው ሐምና ግን ለእርሳቸው ወግና ከወሬኞቹ ጋር ገባች። ሁለቱ እህትማማቾች ያደጉት በአንድ ቤት ነው፤ ሐሜት ሸር መሆኑን ሁለቱም ያውቁ ነበር።

እዚህ ላይ አንባቢ እንዲህ ይለኝ ይሆናል፤ በልብ አንፍረድ ካልክ የሰዎችን ጥፋት ዝም ብለን ልናልፍ ነውን? አይደለም። ዑመር ኢብኑል ኸጧብ (ረ.ዐ) በወህይ ዘመን ሰዎች በወህይ ይያዙ እንደነበር፣ አሁን ግን ወህይ ስለተቋረጠ ሰውን የሚይዙት በሚታየው ሥራው እንደሆነ ተናግረዋል። መልካም ያሳየንን እናምነዋለን፣ ውስጡ የእኛ ጉዳይ አይደለም፤ ክፉ ያሳየንን ደግሞ ውስጤ መልካም ነው ቢል እንኳ አናምነውም። ይህ በሁለቱም በኩል የሚቆርጥ ሚዛን ነው። በእርሱ ከሄድን ሽማግሌው የአማናን ገንዘብ ያለ ፈቃድ በማበደራቸው ሊጠየቁ ይገባ ነበር፤ ኒያቸው መልካም ነው መባሉ ከጥያቄ አያድናቸውም። የሙሳንና የኸድርን (ዐ.ሰ) ታሪክ እየጠቀሱ «ውስጡን ብታውቁ ኖሮ» የሚሉ ሰዎች አሉ። ኸድር መርከቧን የሸነቆሩት በራሳቸው ፈቃድ እንዳልሆነ በሱረቱል ከህፍ ውስጥ ተናግረዋል። ከእኛ መካከል ይህንን ሊል የሚችል የለም። ሙሳም መርከብ ስትሸነቆር አይተው መቃወማቸው ባዩት ነገር ልክ ነው። ደግሞም የተቃወሙት ፊት ለፊት፣ ለባለ ድርጊቱ ነው።

ዐሊይ (ረ.ዐ) በወጣትነታቸው ወደ የመን ዳኛ ሆነው ሲላኩ ከነብዩ (ሰ.ዐ.ወ) የተቀበሉት መመሪያ፣ ሁለቱ ተከራካሪዎች ሲቀርቡ የመጀመሪያውን እንደሰሙ ሁሉ ሁለተኛውንም ሳይሰሙ እንዳይፈርዱ የሚል ነበር። በጋዜጠኝነት ትምህርት ቤት የተማርኩት የመጀመሪያው ትምህርትም ይኸው ነው። ሁለቱንም አውቃቸው ነበር።

ወደ ሽማግሌው ሱቅ የሄድኩት ደብተሩ ከተመረመረ በኋላ ነው። በርበሬ እየመዘኑ ነበር። ደንበኛቸው እስኪሄድ ቆሜ ጠበቅኩና «ሐጂ፣ አውፍ ይበሉኝ» አልኳቸው።

«አውፍ ብዬሃለሁ ልጄ» አሉኝ፣ እጃቸውን በጨርቅ እየጠረጉ። «ግን አንድ ነገር ልጠይቅህ። ያንን ስትጽፍ ሱቄ ሩቅ ነበር?»

ሱቃቸው ከመስጊዱ በር ሃምሳ እርምጃ አይሞላም። መልስ አልነበረኝም። ገንዘቡን እንዳልበሉ የሚገልጽ እርማት በጋዜጣው ላይ እንደማወጣ ነገርኳቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ። «ገንዘቡ የት እንደገባ ሳትጽፍ አልበሉም ብትል ማን ያምንሃል? ስለ ታማሚው ልትጽፍ ነው። ተወው» አሉኝ። እርማቱ ሳይወጣ ቀረ። ታማሚው ከዚያ በኋላ ብዙ አልቆየም፤ አላህ ይዘንለት። ቤተሰቡም ሰፈሩን ከለቀቀ ቆይቷል። ሐጂ አሁን ይህንን እንድጽፍ የፈቀዱልኝ የማንንም ስም እንዳልጠራ ቃል አስገብተውኝ ነው።

ምንጣፉ ያኔውኑ ተገዝቶ ተነጥፏል። ሐጂ ግን እስከ ዛሬ የሚሰግዱት ሌላ መስጊድ ነው።